ድምፅ ለሌለው አባት

ለእህቴ፣

ሰው የራሱን ኑሮ ለመኖር የወላጁን ፈቃድ መጠየቅ ያለበት እስከ ስንት ዓመቱ ነው? አንቺ ይህን ጥያቄ በአሥራ ዘጠኝ ዓመትሽ፣ ማንንም ሳታማክሪ፣ አንድ ሻንጣ ይዘሽ መለስሽው። እኔ ግን ዲግሪዬን ግድግዳ ላይ ሰቅዬም እስካለፈው ቅዳሜ ድረስ ምላሴ ላይ ይዤው ስዞር ነበር።

ውይ፣ ሰላምታዬን ረስቼ ዘው አልኩብሽ! እንዴት ነሽልኝ፣ እታለም? ጉልበትሽ ተሻለሽ? መርከቡ ላይ የምግቡ ነገርስ፣ አሁንም በሩዝ ብቻ ነው የምትኖሪው? እንቅልፍ ታገኛለሽ? እኔ ደህና ነኝ። የዘንድሮው ሙቀት ግን ለጉድ ነው፤ መኪና ውስጥ የረሳሁት ሊፕስቲክ ቀልጦ ሾርባ ሆኖ ጠበቀኝ። አባባም ደህና ናቸው፤ ስኳራቸው ልክ ነው፣ መድኃኒታቸውንም አይረሱም። ይህን ሁልጊዜ ከሌላው ሁሉ አስቀድመሽ ስለምትጠይቂ ነው ቀድሜ የጻፍኩልሽ።

በስልክ መንገር እየቻለች ምን ወረቀት አስያዛት ትዪ ይሆናል። በስልክ ያልነገርኩሽ በምክንያት ነው፤ እያነበብሽ ስትሄጂ ይገባሻል። የእጅ ጽሑፌን ግን እንዳትስቂበት። ቤተ ክርስቲያን የቅዳሜ ፊደል ስንማር ጎበዟ አንቺ ነበርሽ፤ እኔ የትኛው «ጸ» የት እንደሚገባ እስከ ዛሬ በዕድል ነው የምጽፈው።

የዱሉትን፣ የሚነሶታውን ሥራ ነገር ታውቂያለሽ። ሐይቁን የሚያጠናው ላቦራቶሪ ሥራውን ሰጥቶኝ መልሴን እስከ ሰኞ ይጠብቅ ነበር። እስቲ አስቢው! ሣር ውሃ የሚጠጣበት ቀን በሕግ በሚወሰንበት የበረሃ ከተማ ያደግኩ ልጅ፣ ማዶው በማይታይ ውሃ ላይ ጀልባ ውስጥ ቁጭ ብዬ ልውል! ይህን ሳስብ ከአልጋዬ ዘልዬ እነሳለሁ። ከዚያ የአባባን ሳል ከሳሎን እሰማና ተመልሼ እቀመጣለሁ።

ቤታችንን ታውቂዋለሽ። ጠብ የለበትም፣ ቁጣ የለበትም፣ ወሬም የለበትም። እማዬ ስታርፍ የቤቱን ድምፅ ይዛው የሄደች ይመስለኛል። አባባ ከካዚኖው ሺፍታቸውን ጨርሰው ይመጣሉ፤ ጫማቸውን ያወልቃሉ። «ደህና ዋልሽ?» ይላሉ፤ «ደህና ዋልኩ» እላለሁ። «በላሽ?» ይላሉ፤ «በላሁ» እላለሁ። ከዚያ ዜናቸውን ይከፍታሉ። እንግዲህ «አባባ፣ ሚነሶታ ልሄድ ነው» የሚለው በየት በኩል ይግባ?

አሁን አንድ ጊዜ ብቻ ልውቀስሽ። አንቺ ባሕር ኃይል የገባሽ ለት ሻንጣሽን እስከ መኪናው የተሸከምኩት እኔ ነኝ። አባባ ከመኝታ ቤታቸው አልወጡም። አንቺ በሩን አንኳኳሽ፣ ቆምሽ፣ ቆምሽ፣ ሄድሽ። በማግስቱ አባባ ለሁለት ሰው ብቻ ሳህን አቀረቡ። ከዚያ ቀን ጀምሮ እኔ «የቀረችው» ሆንኩ። የሾመኝ የለም፣ የጠየቀኝም የለም። ስምሽም ከዚያ ወዲህ በአባባ አፍ ተጠርቶ አያውቅም። አንቺ ባሕር አገኘሽ፣ እኔ የመድኃኒት ሣጥን። በቃ፣ ወቀሳዬ ይኸው ነው። በአንቺ ቦታ ብሆን እኔም ያንኑ አደርግ ስለነበር ከዚህ በላይ አላከብደውም።

አሁን ወደ ነገሬ ልግባ።

ናኦድን ታስታውሺዋለሽ፣ የእትዬ ገንዘቤን ልጅ። እዚሁ ዊንቸስተር ሰፈር አንድ ላይብረሪ ውስጥ ተቀጥሯል። የጥንት ፊልም ፍቅር ይዞታል፤ ድምፅ የሌላቸውን፣ ሰው አፉን ሲያንቀሳቅስ አይተሽ ጽሑፍ እስኪመጣ የምትጠብቂባቸውን። ድሮ ጃፓን አገር ፊልም ሲታይ ከስክሪኑ አጠገብ የሚቆም ተራኪ ነበር አለኝ፤ ቤንሺ ይባላል። የሽማግሌውንም፣ የሙሽራዋንም፣ የሕፃኑንም ድምፅ እሱ ብቻውን ያወጣል። ሰው ፊልሙን ትቶ ለተራኪው ሲል ይመጣ ነበር ይላል። እና ለኛ ሽማግሌዎችና አሮጊቶች አንድ የጃፓን ፊልም በአማርኛ ተራኪ ልናሳያቸው ነው አለኝ። «ትህትና፣ አንቺ ጥሩ አማርኛ አለሽ፤ የእኔ ብሮክን ነው። እኔ ባወራ ማዘርን ‘አንተ’ ብዬ እጠራና ትገድለኛለች።»

ከተመረቅሁ ወዲህ ለጠየቀኝ ሁሉ እሺ ማለት ሱስ ሆኖብኛል። እሺ አልኩ።

ፊልሙን ቀድሜ አየሁት። ነገሩ ቀላል ነው። ባሕር ዳር ባለች ትንሽ ከተማ የወረቀት ጃንጥላ የሚሠራ አንድ ሰው አለ፤ ሚስቱ ሞታበታለች፤ አንዲት ልጅ አለችው። ልጅቷ ትልቁ ከተማ ሄዳ ነርስነት እንድትማር ተጠርታለች። እሱ «ሂጂ» አይላትም፣ «ቅሪ»ም አይላትም። ቀርከሃውን ይልጣል፤ እሷ ከኋላው ወረቀቱን ሙጫ ትቀባለች። መጨረሻ ላይ ትቀራለች። አይቼ ስጨርስ ላፕቶፑን በኃይል ነው የዘጋሁት፤ ተናድጄ።

ሐሙስ ማታ አባባ እራት ላይ «የማን ፊልም ነው አልሽ?» አሉኝ። «የጃፓን ነው» አልኳቸው። «ጃፓን» አሉና ሳህናቸውን አንስተው ወደ ኩሽና ገቡ። ወሬው ያለቀ መሰለኝ። ቅዳሜ ከሰዓት ልወጣ ስል ግን፣ እኚያ ሠርግና ልቅሶ ካልሆነ የማይንቀሳቀሱት ሰውዬ፣ በዚያ እሳት ግራጫ ሱፋቸውን ለብሰው፣ ክራቫት አስረው በር ላይ ቆመው አገኘኋቸው። «እንዳይረፍድብሽ» አሉኝ።

አዳራሹ ሞልቷል። ጋሽ ዘውገን ታውቂያቸው የለ፣ ታክሲ የሚነዱትን የአባባን ጓደኛ፤ ገና ከበሩ ጀመሩ። «ኪዳኔ! ሱፍ የለበስከው ጃፓኖቹ ያዩኛል ብለህ ነው?» ሰው ሳቀ። አባባ ሁለተኛው ረድፍ ላይ፣ መሐል ለመሐል ተቀመጡና መነጽራቸውን በክራቫታቸው ጠረጉ።

ናኦድ መብራቱን አጠፋ፣ እኔ ማይኩን ያዝኩ።  ቀስ በቀስ ሞቀልኝ፤ ለጃንጥላ ሠሪው ወፍራም ድምፅ፣ ለጎረቤቲቱ ቀጭን ድምፅ ሰጠሁ፤ ሰውም ይስቅልኝ ጀመር። ከዚያ ባቡር በባሕሩ ዳር ሲያልፍ ታየ። ከሁለተኛው ረድፍ የአባባ ድምፅ መጣ። «ይሄ ባቡር ወደ ዮኮሱካ የሚሄደው ነው?»

ዮኮሱካ አሉ፣ እህቴ። አልተደናቀፉም፣ ፊደሉን አላሳሳቱም። ያን የመርከብሽን ወደብ ስም በቤታችን ከእኔ አፍ በቀር ሰምቼው አላውቅም። ናኦድ «አላወቅሁም ጋሼ፣ ቼክ አደርጋለሁ» አላቸው። የሚቀጥለው አረፍተ ነገር ጠፍቶኝ ባቡሩ ያለ ተራኪ አለፈ። አባባ በዚህ አላበቁም፤ «ቤት ውስጥ ጫማ ያወልቃሉ ማለት ነው?» «ወለሉ ላይ ነው የሚተኙት? አይቀዘቅዛቸውም?» ይላሉ። ጋሽ ዘውገ «ኪዳኔ፣ ቤት ልትከራይ ነው እንዴ?» ብለው አሾፉባቸው።

የኛ ሰው ደግሞ ፊልም ዝም ብሎ አያይም። እትዬ ገንዘቤ በጃንጥላ ሠሪው ተናደው «አንተ ሰውዬ፣ ዞር በልና ልጅህን እያት እንጂ! ምን ያለ ድንጋይ ነው!» ብለው ስክሪኑን ተቆጡት። ሌላው ከኋላ «ምን ያድርግ? ብቻውን ሊቀር እኮ ነው!» አለ። «ብቻውን ቢቀር ምናለበት? እጅ የለውም? ሩዝ መቀቀል ያቅተዋል?» «እርስዎ ደግሞ ወንድ አይወዱም!» «ወንድስ እወዳለሁ፣ ድንጋይ ነው የማልወደው!»

በዚህ መሐል ያ ቦታ ደረሰ። ልጅቷ ጥቅሏን ይዛ ከአባቷ ኋላ ተንበረከከች። እሱ ጀርባውን ሰጥቷታል። ግንባሯ ወለሉን እስኪነካ ጎነበሰች፤ ቀና አለች፤ አፏ ተንቀሳቀሰ። ጽሑፉ መጣ፤ «አባቴ፣ ሐሳቤን ትቻለሁ፤ ከእርስዎ ጋር እቀራለሁ» ይላል፣ በእንግሊዝኛ። ቤት ስለማመድ ደጋግሜ ያልኩት ነው፤ በቃሌ ይዤዋለሁ። አፌን ከፈትኩና ምን እንዳልኩ ታውቂያለሽ?

«አባቴ፣ ልሄድ ነው። እርስዎን ጠልቼ አይደለም። ፊትዎን ያዙሩልኝና መርቀው ይሸኙኝ።»

እንዴት ከአፌ እንደወጣ አላውቅም፤ ግን ልመልሰውም አልፈለግሁም።  ከዚያ እትዬ ገንዘቤ «እሰይ የኔ ልጅ!» ብለው ጉልበታቸውን መቱ፤ ሌላው «ደግ አላደረገችም» አለ፤ ወዲያው ግማሹ ለአባትየው፣ ግማሹ ለልጅቷ ጠበቃ ቆሞ ጭቅጭቁ ደመቀ።

ስክሪኑ ላይ አባትየው ቢላዋውን አስቀመጠ። ሳይዞር አፉ ተንቀሳቀሰ። አንድ ነገር አላት። ጽሑፍ ግን አልመጣም። ፊልሙ እዚህ ቦታ ላይ የአባትየውን ቃል ሳይጽፍ ነው የሚያልፈው፤ ስለማመድ ለዚህ ቦታ አንድ የማይረባ ነገር አዘጋጅቼ ነበር፤ «እሺ ልጄ» የሚል ዓይነት። አሁን ግን ልጅቷ የጠየቀችው ሌላ ሆነና የእኔው «እሺ ልጄ» አልሆን አለ። ማይኩን ይዤ ዝም አልኩ። ሰው ጭቅጭቁን ትቶ ወደ እኔ ዞረ። ናኦድ በእጁ ተናገሪ፣ ተናገሪ ይለኛል። አባት ምን ይበል? ለማንኛውም ገጸ ባሕርይ ድምፅ ሰጥቻለሁ፣ ለዚህኛው ግን ከየት ላምጣለት?

አባባ ተነሡ። እኔን አላዩም፣ ዓይናቸው ስክሪኑ ላይ ነበር። እንዲህ አሉ፦

«ካፖርት ግዢ በያት። ወፍራም። እዚያ ይበርዳል።»

አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። በፊልሙ ውስጥ እኮ የበጋ ወር ነው፤ ሰዉ ሁሉ ማራገቢያ ይዞ ላቡን ይጠርጋል። ጋሽ ዘውገ «ኪዳኔ፣ ልጅቷን በሙቀት ልትገላት ነው!» አሉ። አባባ ሳቁ እስኪያልፍ ጠበቁ።

«ስትደርስም ትደውል በያት። ለእኔ ትደውል፤ ለእህቷ ብቻ አይደለም።»

ጋሽ ዘውገ እንባቸውን እየጠረጉ «የምን እህት? ልጅቷ እኮ አንድ ናት! ይሄ ሰውዬ የሚያየው ሌላ ፊልም ነው!» አሉ።

አባባ አንድ ጊዜ እጃቸውን አጨበጨቡ፣ መዳፋቸውን ወደ ላይ ገለጥ አድርገው አሳዩና ተቀመጡ። ካዚኖ ውስጥ ካርታ የሚያድል ዲለር ሺፍቱን ጨርሶ ከጠረጴዛው ሲነሳ፣ ምንም ይዞ እንዳልሄደ ካሜራው እንዲያይ የሚያደርጋት ነገር ናት።

እኔም እንደታዘዝኩት፣ በጃንጥላ ሠሪው ወፍራም ድምፅ፣ «ካፖርት ግዢ፣ ልጄ» አልኩ። ከዚያ በላይ መሄድ አቃተኝ።

ውሸቴ ግን ወዲያው ነው ያጋለጠኝ። ስክሪኑ ላይ ልጅቷ ጥቅሏን ፈታች፣ ሽርጧን አሰረች፣ የሙጫውን ብሩሽ አነሳች። «እንዴ! ልሄድ ነው አላለችም?» ተባለ። እትዬ ገንዘቤ ብድግ አሉ። «ትህትና፣ ዋሸሽን! ጽሑፉ እቀራለሁ ነው የሚለው! ደስ ስላለኝ ዝም አልኩሽ እንጂ አንብቤዋለሁ!» ፊቴ እንደ ምጣድ ጋለ። ማይኩን ለናኦድ ልወረውርለት ምንም አልቀረኝም።

አባባ ሳይዞሩ፣ ቀስ ብለው፣ «ተያት ገንዘቤ። እኔም አንብቤዋለሁ» አሉ።

የቀረውን ፊልም እንዴት እንደጨረስኩት አትጠይቂኝ።

መኪና የነዳሁት እኔ ነበርኩ። እስከ ሰፈራችን ሰንራይዝ ማነር ድረስ አባባ ያደረጉት ኤሲውን ወደ እኔ ማዞር ብቻ ነበር። ጎዳና ላይ መብራት ሲይዘን ነው የገባኝ፣ እህቴ። የዱሉትን ነገር ለማንም አልነገርኩም። ለአንቺ ብቻ፣ በስልክ፣ ከኩሽና። አንቺ በደወልሽ ቁጥር አባባ ሳሎን ቴሌቪዥናቸውን ያጠፋሉ። እስከዛሬ ቅር ብሏቸው ነው፣ ጫጫታችን ሰልችቷቸው ነው እል ነበር። ቴሌቪዥኑ ጠፍቶ ግን ወደ መኝታ ቤታቸው ሄደው አያውቁም። እዚያው ወንበራቸው ላይ ናቸው። በእነዚህ ሁሉ ዓመታት።

ስለዚህ የመርከቡን ሕይወት የነገርሽኝን ሁሉ ያውቁታል። ጉልበትሽን ያውቁታል። በገና ሰሞን እያለቀስሽ «አባባ ስሜን ይጠራሉ?» ብለሽ ስትጠይቂኝ፣ እኔም «አይ፣ እውነቱን ልንገርሽ፣ አይጠሩም» ስልሽ፣ ከግድግዳው ማዶ ነበሩ። ይህን በስልክ ልነግርሽ እንዳልቻልኩ አሁን ገባሽ?

ቤት ገብተን ሱፋቸውን ሲያወልቁ፣ በሩ ላይ ቆሜ፣ «አባባ፣ ሰኞ እሺ ልላቸው ነው» አልኩ። «ማንን?» አላሉኝም። «በላሽ?» አሉኝ። «አልበላሁም» አልኳቸው። ሽሮ ሠሩልኝ። አሳረሩት። ሁለታችንም እንደ ደህና ሽሮ በላነው።

ሰኞ እሺ ብያለሁ። ነሐሴ መጨረሻ እሄዳለሁ። ደስታዬን ልደብቅሽ አልችልም፤ ቀኑ ሲቀርብ እግሬ መሬት አይረግጥም። ግን ፈርቼማለሁ። አባባ እያረጁ ነው፤ ደረጃ ሲወጡ መደገፊያውን ይይዛሉ፣ ሲያዩኝ ይለቁታል። ማን መድኃኒታቸውን ያያል? እትዬ ገንዘቤ «እኔ እያለሁ?» ብለውኛል፤ ጋሽ ዘውገም ሐሙስ ሐሙስ ሊመጡ ምለዋል፤ አባባ ደግሞ «እኔ ሕፃን ነኝ?» ብለው ሁለቱንም ተቆጡ። ይህ ሁሉ ደህና ነው። የእኔ ወንበር ግን ባዶ ይሆናል፤ እንዳልሆነ አላስመስልም። ፊልሙ ውስጥ ያለችው ልጅ ለምን እንደቀረች አሁን ትንሽ ይገባኛል። ብትጠይቀኝ ግን አሁንም ሂጂ እላታለሁ።

አንድ ነገር ልለምንሽ። ለዚህ ደብዳቤ መልስ ለእኔ አትጻፊ። ለእሳቸው ጻፊ፣ በስማቸው፣ በዚሁ አድራሻ። ረጅም መሆን የለበትም። ወለሉ ይቀዘቅዝ እንደሆነ፣ ባቡሩ ወዴት እንደሚሄድ ንገሪያቸው፤ ይበቃል። ይቅርታ ጠይቂ አላልኩሽም፣ ይቅርታ አድርጊም አላልኩሽም። የሁለታችሁ ነገር ነው፤ እኔ ከመሐል ልወጣ እፈልጋለሁ፣ ሥራ አለኝ።

ባሕሩ ይታዘዝልሽ፤ የምትረግጪው መሬት ሁሉ ይቅናሽ። እማዬ ካለችበት ሆና ትጠብቅሽ። ጤናሽን ጠብቂ፣ ጉልበትሽን አታድክሚው።

ፖስታው ላይ የአድራሻሽ ጽሑፍ የእኔ እጅ እንዳልሆነ ሳታዪው አልቀረሽም። ልጽፍ ስል አባባ እስክሪብቶውን ተቀበሉኝ። የመርከቡን ስምና የፖስታ ቁጥሩን ላነብላቸው ስልኬን ከፈትኩ፤ ቀና ስል ጽፈው ጨርሰዋል።

እባክሽ ቶሎ መልሺላቸው።

ታናሽሽ